አገር ስጠኝ፦ የአንድ ግሩፕ የእሑድ ማታ ጉዳይ

ግሩፑ ሞቶ ነበር ብዬ አልጀምርም። የሞተ ሰው እንኳ ለቀስተኛ ይሰበስባል። የኛ ግሩፕ እሱንም አልቻለም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ደብረ ማርቆስ አንድ ትምህርት ቤት አብረን የተማርን ልጆች በ2013 ዓ.ም. የቴሌግራም ግሩፕ ከፈትን። አራት መቶ የሚጠጋ ሰው ገባ። ግማሹ እዚያው ጎጃም ነው፤ ማርቆስ፣ ሉማሜ፣ ደጀን፣ ብቸና፣ ሞጣ፣ ቡሬ። ከቀረው የሚበዛው አዲስ አበባ ነው። ሪያድ ያሉ አሉ፣ አሜሪካ ያሉ አሉ። በ2015 ዓ.ም. ክረምት በክልሉ የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ እዚያ ያለው ሁሉ ጭጭ አለ። የቀረነው «ከቤት ወሬ ሰማችሁ?» እየተባባልን ከረምን። ኢንተርኔቱ ሲመለስ ሰዉ ተመለሰ፣ ጨዋታው ግን አልተመለሰም። ኅዳር 2017 ላይ ግሩፑ ውስጥ ሦስት ነገር ብቻ ነበር፦ አበባ ያለበት «እንኳን አደረሳችሁ»፣ የሚሸጥ ስልክ፣ እና «ይህን ለ10 ሰው ካልላኩ» የሚል ማስፈራሪያ።

አንድ ቀን አድሚኑ በውስጥ መስመር ጻፈልኝ። «አንተ ልጅ፣ ድሮ ክፍል ውስጥ ሰው ታስቅ ነበር። እስቲ ጨዋታ ነገር አምጣ።» ድሮ ያስቅ የነበረ ሰው ዛሬም ያስቃል ብሎ ማሰብ የአድሚን የዋህነት ነው። እኔም ሳላስብ እሺ አልኩ። የምጽፈው ከዚያ እስከ ሰኔ የሆነውን ነው። አብዛኛው የኔ ስህተት ነው።

ጎግል ያሸነፈበት ወር

የጀመርኩት በጥያቄና መልስ ነበር። የደብረ ማርቆስ የድሮ ስሟ ማን ነበር? መንቆረር። ራስ አዳል ተሰማን ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ብለው ያነገሡ ማን ናቸው? አፄ ዮሐንስ 4ኛ፣ በ1873 ዓ.ም.። የጮቄ ተራራ ከ4,000 ሜትር ይበልጣል ወይስ ያንሳል? ይበልጣል። ጥሩ ጥያቄዎች ናቸው። ማንም አልሳቀም።

አንደኛው ችግር ግልጽ ነው። ሰዉ ጎግል ያደርጋል። ሁለተኛውን ለማየት ግን ሦስት ሳምንት ፈጀብኝ። ቀድሞ የመለሰ ነጥብ ያገኛል ብዬ ነበር። ሁልጊዜ የሚያሸንፉት አሜሪካ ያለው ልጅና ሪያድ ያለችው እህታችን ሆኑ። ዕውቀት መስሎኝ ነበር፤ ለካ ዋይፋይ ነው። ሞጣ ያለው ልጅ መልሱን ቀድሞ ጽፎ ይልካል፣ መልእክቱ ላይ ያቺ ትንሽ የሰዓት ምልክት ቁጭ ትላለች፣ ኔትወርኩ ሲመጣ ሌሎቹ መልሰው ጨርሰዋል። ለማስረጃ የስልኩን ስክሪን ፎቶ አንስቶ ላከልኝ። ፎቶውም ዘግይቶ ነው የደረሰው።

ቴሌግራም ለጥያቄ የሚሆን የራሱ ፖል አለው። ትክክል ሲነኩ ወረቀት ይበተናል፣ ሲሳሳቱ ስልኩ ይንቀጠቀጣል። እሱን ሞከርኩ። ፍጥነት ላይ የነበረው ጭቅጭቅ ቀረ፣ ሳቁ ግን አሁንም የለም። ትንሽ ነፍስ የዘራበት ምርጫዎቹን ማበላሸት ስጀምር ነው። ከአራቱ ምርጫ አንዱ ትክክል፣ አንዱ አሳሳች፣ ሁለቱ እብደት። «ማርቆስ ላይ ሰው ጋቢ የሚለብሰው ለምንድን ነው?» የሚለውን ጥያቄ ሰዉ ሆን ብሎ ተሳሳተ። ከዚያ አንድ ነገር ገባኝ። ሰው ማታ ስልኩን ይዞ ጋደም ሲል መፈተን አይፈልግም። ቀኑን ሙሉ ሲፈተን ነው የዋለው።

መሃል ላይ «ስለራሳችሁ ሁለት እውነትና አንድ ውሸት ጻፉ» የሚለውን የፈረንጅ ጨዋታ አምጥቼ ነበር። አይረዝምም፣ ልንገራችሁ። የኛ አገር ሰው ስለራሱ ሦስት ነገር ጻፍ ሲሉት ሲቪ የተጠየቀ ይመስለዋል። አንዱ ዲግሪውን ጻፈ። አለቀ።

ሰዓቱም አስቸግሮ ነበር። ቅዳሜ ማታ 3 ሰዓት አልኩ። ቅዳሜ ማታ ግን ለእሑድ ቅዳሴ የሚነሱት በጊዜ ይተኛሉ፤ በዋናው ጨዋታ መሃል «ደህና እደሩ» የሚል ስቲከር ይመጣል። ወደ እሑድ አዞርነው። ሪያድ ሰዓቷ ከኛ ጋር እኩል ነው፣ አሜሪካ ያሉት ያኔ ገና ቀን ላይ ናቸው፤ ለሁሉም ሆነ። የካቲትና መጋቢት ላይ ዐቢይ ጾምና ረመዳን ሲገናኙ፣ ሞጣና ማርቆስ ያሉ ልጆች ከተራዊሕ ሶላት እስኪወጡ ብለን ወደ 4 ሰዓት ገፋነው። ሕማማት ላይ ጨርሶ ዘጋነው። ይህን ያለፉበት አጫዋቾች ያውቁታል፤ ጥሩ ጨዋታ በመጥፎ ሰዓት ሲመጣ ማንም ሰዓቱን አይወቅስም፣ አጫዋቹን ነው።

ፊደል ያጣላን ሌሊት

ታኅሣሥ ላይ የቃል ሰንሰለት ጀመርን። አንዱ ቃል ይጽፋል፣ ቀጣዩ በመጨረሻው ፊደል ቤት የሚጀምር ቃል ያመጣል። «በር» ካሉህ «ሩዝ»፣ ከዚያ «ዝናብ»፣ ከዚያ «ቡና»። ቀላል ይመስላል። መጀመሪያው ማታ በሃያ ደቂቃ ውስጥ ቆመ። ያቆመው አንድ ቃል ነው፦ «ማኛ»።

የብቸናው ልጅ ነው የጣላት። ነጭ ጤፍ ባገሩ ሞልቷል፣ ቃሉም ምላሱ ላይ ነበር። ግን በ«ኘ» ቤት የሚጀምር ቃል ማን ያውቃል? ግሩፑ በሙሉ ፈለገ። አንዷ «ኛው» አለች፣ የድመት ድምፅ ነው ብላ ተከራከረች። የኛ አገር ድመት «ሚያው» ነው የምትለው ተባለ። ሌላው «1ኛ፣ 2ኛ የሚባለው ቁጥሩ ተነሥቶ ሲቀር» አለ። ሁሉም ማኛን ያገኘው ልጅ ላይ ቀና። በሚቀጥለው ሳምንት ሰዉ ጦር መሣሪያውን ይዞ መጣ፤ ዳኛ፣ ጋዜጠኛ፣ ዘበኛ፣ በሽተኛ። ከሁሉ የገረመኝ «አማርኛ» ሲጣል ነው። በአማርኛ የምንጫወተውን ጨዋታ አማርኛ ራሷ ገደለችው። በ«ኛ» የሚጨርስ ቃል የጣለ ሁለት ዙር ይወጣል የሚል ሕግ አወጣን። በ«መ» ቤትም ሌላ ሕግ አስፈለገ፤ መብላት፣ መጠጣት፣ መተኛት እያለ አንድ ሰው ሌሊቱን ሊያነጋው ይችላል። የግሥ ስም ተከለከለ።

ከዚያ የኔታ ተነሡ። እሳቸው ከኛ ጋር አልተማሩም፤ አስተምረውናል። በልጅነታቸው ዋሸራ ቅኔ ቤት ገብተው ቅኔ የተቀኙ ሰው ናቸው፣ ስለዚህ ግሩፑ «የኔታ» ይላቸዋል። አንዱ «ንጉሥ» አለ፣ ቀጣዩ «ሰው» ብሎ ቀጠለ። የኔታ ጣልቃ ገቡ። «ልጄ፣ የንጉሡ ሥ ንጉሡ ነው። ሥራ በል፣ ሥጋ በል፣ ሠርግ በል። ሰው ግን በእሳቱ ሰ ነው የሚጻፈው፣ አይሆንም።» ሳቁ መጣ። ፀሐይ በፀሐዩ ፀ፣ ጸሎት በጸሎቱ ጸ እያሉ አርባ ደቂቃ አስተማሩን። የገረመኝ ግን የሰዉ ብዛት ነው። በማግስቱ ጠዋት «የኔታ፣ ሥዕል በየትኛው ነው?» የሚል ጥያቄ ግሩፑ ውስጥ ቁጭ ብሎ ነበር። ለወራት ድምፅ ያላሰማ ሰው የጠየቀው ነው።

አንድ የቴክኒክ ነገር ልጨምር። ሰንሰለት ሲሞቅ መልእክት ይጎርፋል፣ ማን ለማን እንደመለሰ ይጠፋል። ቴሌግራም ላይ ስሎው ሞድ የሚባል አለ፤ አንድ ሰው ከጻፈ በኋላ የተወሰነ ጊዜ ይጠብቃል። እኛን 30 ሰከንድ በቃን። ችግሩ አድሚን አይታገድበትም። የኛ አድሚኖች ይህን አውቀው ሁለት ሳምንት አሸነፉ። ከዚያ ወዲህ አድሚን ሰንሰለት አይጫወትም።

ኮቱ

ጥር ላይ ነው። ጨዋታው ሞቋል፣ እኔም ልቤ አብጧል። አንድ እሑድ «ለፎቶው ስም አውጡለት» አልኩ። ፎቶ እለጥፋለሁ፣ ሰዉ ከሥሩ ያሾፋል። መጀመሪያ በግ ለጠፍኩ። ከዚያ የአውቶቡስ ፎቶ። ሦስተኛው የአንድ ክፍላችን ልጅ ፎቶ ነበር፣ የ12ኛ ክፍል ስንብት ላይ የተነሣው። እሱ ራሱ በ2013 ግሩፑ ውስጥ የለጠፈው ነው። ትልቅ ኮት ለብሷል። ልጁን አልጠየቅኩትም።

«ኮቱ ሌላ ሰው እየጠበቀ ነው።» «ኮቱ ውስጥ ሁለት ክፍል ይከራያል፣ መብራትና ውሃ ያለው።» «እሱ ኮቱን ሳይሆን ኮቱ ነው እሱን የለበሰው።» እንዲህ ዓይነት ሳቅ ግሩፑ አይቶ አያውቅም። ልጁም «ሃሃሃ» ብሎ ጻፈ። ትንሽ ቆይቶ የሚስቅ ስቲከር ላከ። እኔ እንደ ድል ቆጠርኩት። እስከ 5 ሰዓት ተሳቀ።

ጠዋት ስነሣ ልጁ ግሩፑ ውስጥ የለም።

ደወልኩለት። ስልኬ ተበላሽቶ ነው አለ፤ በዚያው ስልክ እያናገረኝ። ዝም አልኩ። እሱም ዝም አለ። ከዚያ «ኮቱ የአባቴ ነው» አለኝ። «በዚያው ዓመት ነው ያረፉት።»

ምን እንዳልኩት አላስታውስም። ይቅርታ ብያለሁ መሰለኝ። «ኧረ ምንም አይደል፣ እናንተ በምን ታውቃላችሁ» አለኝ፣ ይኸኛው ደግሞ ባሰብኝ። እውነት ነው፣ አናውቅም ነበር። ቡና ላይ ተቀምጠን ቢሆን ግን ሁለተኛው ቀልድ ላይ ፊቱን አይቶ አንድ ሰው ወሬ ይቀይር ነበር። ሁልጊዜ እንዲህ ያለ ሰው ይኖራል፣ ብዙ ጊዜ እናት ናት። ግሩፕ ላይ ፊት የለም። «ሃሃሃ» ብቻ ነው ያለው፤ እሱን ደግሞ እያለቀሱም መጻፍ ይቻላል።

ሁለት እሑድ ጨዋታ አልነበረም። አድሚኑ ሲጨቀጭቀኝ ለየኔታ ደወልኩና ሁሉንም ነገርኳቸው። ብዙ አላሉም። «እንቆቅልሽ ተጫውተህ ታውቃለህ?» አሉኝ። ልጅ ሆኜ አልኳቸው። «ያልመለሰ ምን ይሆናል?» አገር ይሰጣል አልኩ። «እሱን ነው የምልህ። የድሮዎቹ ለተሸናፊው መውጫ በር ሠርተውለታል። አገር ይሰጣል እንጂ ራሱን አይሰጥም።»

ደጀንን የሰጠው ሰው

የካቲት ላይ አዲሱን ጨዋታ አመጣሁ። አዲስ ስል ማናችንም የምናውቀው ነው። ሕጉን በሦስት መስመር ጽፌ ፒን አደረግኩ፣ ግሩፑ አናት ላይ ሰቀልኩት። አጫዋቹ «እንቆቅልሻችሁ» ይላል። መጀመሪያ «ምን አውቅልህ» ያለ ተጠያቂ ይሆናል፤ ሦስት ደቂቃ አለው። ካልመለሰ አገር ይሰጣል፣ ጠያቂውም እስኪስማማ ይደራደራል።

ልብ በሉ፣ እዚህ ላይ ቀድሞ የደረሰ የሚያገኘው ሽልማት ሳይሆን አደጋ ነው። የሞጣው ልጅ ኔትወርክ ለመጀመሪያ ጊዜ ጠቀመው።

እንቆቅልሾቹን ራሳችን እንሠራለን። የድሮዎቹን ሁሉም ስለሚያውቃቸው። «ሌሊቱን ግድግዳ ስትጠባ ታድራለች፣ ቀኑን ሰው ሲዳብሳት ትውላለች።» ስልክ። «አናት ላይ ተቀምጦ ይኖራል፣ ሁሉም ያየዋል፣ ማንም አያነበውም።» ፒን የተደረገው የግሩፑ ሕግ። እኔ ደግሞ በጣም የኮራሁበት አለ፦ «ጮቄ ተወልዶ ዓባይ ይሞታል፣ በሕይወቱ አንድ ቀን ተኝቶ አያውቅም።» ጨሞጋ ወንዝ ነው መልሱ። ተጠያቂው «ብርድ» አለ። ሰዉ ተሟገተልኝ አላልኩም፣ ተሟገተብኝ። ብርድም ጮቄ ይወለዳል፣ ዓባይ በረሃ ሲደርስ ይሞታል፣ ማርቆስ ላይ ሌሊቱን አይተኛም። መልሱ ከኔ ይሻላል ተብሎ እኔው አገር ሰጠሁ።

የመጀመሪያው ማታ ድርድር ይህን ይመስል ነበር። አንዱ የማርቆስ ልጅ ተሸንፏል።

«እሺ፣ አገር ስጠኝ።»

«ደጀንን ሰጠሁህ።»

«ደጀን ምን ልሁን? ምሳ በልቼ ዓባይ በረሃ ልውረድ? ጨምር።»

«ሉማሜን መረቅሁልህ።»

«ከነጤፏ?»

«ጤፉን ወስደናል። ገለባው አለ።»

ይኼኔ ነው የሆነው። ግሩፑ ከተከፈተ ጀምሮ አንድ ቃል ጽፎ የማያውቅ ሰው ብቅ አለ። «ማነህ አንተ ደጀንን የምትሰጥ? ለመሆኑ ካርታው በማን ስም ነው?» ከሱ በኋላ የሉማሜ ልጆች መጡ፣ ሦስት ናቸው፣ ሦስቱንም አላውቃቸውም ነበር። ገለባው ላይ ተሟገቱ። ከሪያድ እህታችን ለማስታረቅ «ተዉት፣ እኔ ሪያድን ልስጠው» አለች። «ኢቃማውንስ፣ የመኖሪያ ፈቃዱን?» አላት ጠያቂው። እሷ ለአንድ ደቂቃ ያህል ሳቅ ብቻ በድምፅ ላከች። ዳታ ይበላል ብለን ድምፅ ከልክለን ነበር፤ ያን ቀን ማንም አልተናገራትም።

ነገሩ እንዴት እንደሚሠራ ያየሁት ያኔ ነው። ዝም ያለን ሰው «ምነው አትጫወትም?» ብትለው የባሰ ይደበቃል። አገሩን ለሌላ ሰው ስጥበት፤ ሮጦ ይመጣል። ከዚያ ወዲህ ድምፁ የጠፋ ሰው ሲኖር ሆን ብዬ ተሸንፌ የሱን ከተማ በርካሽ እሰጣለሁ። ቡሬን በአንድ ኩባያ ጠላ ሸጬ ሁለት ሳምንት አላናገሩኝም። ግን እየሰደቡኝ ነበር፣ ያ ማለት እየጻፉ ነበር።

ድርድሩ ሲያልቅ ጠያቂው ያገሩን ሥልጣን ያወራል። ገባሁ፣ ነጭ እንጀራ በዶሮ ወጥ ቀረበልኝ፣ ጠጅ ቀዱልኝ፣ አንተን ግን በር ላይ አየሁህ፣ በቅሎዬን ያዝልኝ አልኩህ፣ ወዘተ። ይህን ክፍል እፈራው ነበር፤ ዘለፋው ወደ ሰው የሚዞረው እዚህ ላይ ነው። ስለዚህ አንድ ነገር ብቻ ከለከልኩ። ተሸናፊው በወሬው ውስጥ ምንም ሥራ ሊሠራ ይችላል፤ መልኩ፣ ልብሱ፣ ቤተሰቡ አይነሣም። ከተማ ሲዘለፍም በጭቃው፣ በብርዱ፣ በመንገዱ፣ በድንቹ ነው። ጎሳ፣ ሃይማኖትና ፖለቲካ የገባ ቀን ጨዋታው ያበቃል።

አንድ ቀን ሊገባ ነበር። አንዱ የሚያጨቃጭቅ ቦታ ሰጠ፤ ስሙን እዚህም አልጽፈውም። ሁለት ሰው ቃና ቀየረ። ሕግ ልጥቀስ ብል ይብስ ነበር። ዳይስ ወረወርኩ። ቴሌግራም ላይ የዳይስ ምልክት ብቻዋን ስትልክ ትንከባለልና ከ1 እስከ 6 የሆነ ቁጥር ላይ ትቆማለች፤ ቁጥሩን የሚወስነው ላኪው አይደለም። «6 ካመጣሁ ቦታው ለጮቄ ዝንጀሮዎች ይሰጣል» አልኩ። 2 መጣ። ሌላው ወረወረ። አሥራ አምስት ሰው ተከታትሎ ሲወረውር ጭቅጭቁ ወደ ላይ ተገፍቶ ከስክሪን ጠፋ። ብልሃት ነው አልልም። ዕድል ነበር።

መብራት የጠፋ ዕለት

መጋቢት መጨረሻ ላይ እኔ ማርቆስ ለቤተሰብ ጥየቃ ሄጄ ነበር። እሑድ 4 ሰዓት ላይ «እንቆቅልሻችሁ» ብዬ ጻፍኩ። «ምን አውቅልህ» መጣ። እንቆቅልሹን ላክሁ። ተጠያቂው አቃተው። «አገር ስጠኝ» ብዬ ከላክሁ በኋላ መብራት ጠፋ፣ አብሮት ኔትወርኩም ሄደ። እናቴ ሻማ ፍለጋ ተነሣች። እኔ ስልኬን ወደ መስኮት፣ ወደ በር፣ ወደ ጣሪያ እየያዝኩ ቤቱን ዞርኩ። «ምን ሆነህ ነው?» አለችኝ። አገር እየሰጡኝ ነው አልኳት። ዝም ብላ አየችኝ።

ሁለት ሰዓት ቆይቶ ሲመለስ 190 መልእክት ነበር። መጀመሪያ ፈርቼ ነበር የከፈትኩት። ተጠያቂው እንጅባራን ሰጥቶኛል፣ እኔ የለሁም፣ «ዝምታ እንቢታ ነው» ብለው ዳንግላን ጨምረውልኛል፣ ከዚያ ራሳቸው ጠያቂ መርጠው ቀጥለዋል። ተከራክረዋል፣ ታርቀዋል፣ ሁለት ጊዜ ሕጌን አሻሽለዋል። ካሻሻሉት አንዱ ከኔ ይሻላል፦ ተሸናፊ ከመስጠቱ በፊት የዚያን አገር ልጅ ያስፈቅዳል፤ ፈቃድ ጥየቃው ራሱ ሌላ ጨዋታ ሆኗል። መጨረሻው ላይ የኔታ ሁለት መስመር ጥለው ተኝተዋል።

አገር ስጡኝ ብሎ ሲለምን ያመሸው፣
መብራቱ ሲጠፋ ጨለማን ወረሰው።

እሱን ነው አሁን ፒን ያደረግነው። ሕጉን ማንም አያነበውም ነበርና።

ከሚያዝያ ወዲህ እኔ በወር አንድ እሑድ ብቻ ነው የማጫውተው። የቀረውን ሌሎች ይዘውታል። የደጀኑ ሰውዬ፣ ያ ካርታ የጠየቀው፣ ከሁሉም ይበልጣል፤ ጨዋታውን ሳቁ ሳይበርድ ያቆመዋል፣ እኔ ያላወቅሁበትን። 40 ደቂቃ ሲሞላ «በሉ ደህና እደሩ፣ ከብት ይታለባል» ይላል። ከብት የለውም።

የኮቱ ልጅ አልተመለሰም። ሊንኩን አልላክሁለትም፣ መለመን መስሎ ታየኝ። ግን የካቲት ላይ፣ የመጀመሪያውን እንቆቅልሽ ለግሩፑ ከመላኬ በፊት፣ በውስጥ መስመር ለሱ ላክሁት። ሌላ ምንም አልጻፍኩም። አሥር ደቂቃ ቆይቶ መልሱን ላከ፤ ትክክል ነው። ከዚያ ወዲህ እኔ በማጫውተው እሑድ ሁሉ መጀመሪያ የሚያየው እሱ ነው። የጨሞጋውንም አውቆታል፣ ብርድ አላለም። እስካሁን አንድም አገር አልሰጠኝም።